ሜታሌፕሲስ ምንድን ነው? ሰው መጽሐፍ ውስጥ ገብቶ የሚኖርበት ልቦለድ አሠራር

ማንኛውም ልቦለድ በደረጃ የተሠራ ነው። ከሁሉም በላይ ደራሲውና አንባቢው አሉ፤ ከእነሱ ሥር ታሪኩን የሚነግረን ተራኪ ይመጣል፤ ከተራኪው ሥር ደግሞ ገጸ ባሕርያቱ የሚፋቀሩበት፣ የሚጣሉበትና የሚሞቱበት ዓለም አለ። ከእነሱ አንዱ ተረት ቢያወራ ወይም መጽሐፍ ገልጦ ቢያነብ ሌላ ደረጃ ከታች ይጨመራል። በተለመደው አጻጻፍ የታችኛው ስለ ላይኛው አያውቅም፤ የላይኛውም ወርዶ የታችኛውን በእጁ አይነካም። አንድ ሰው ወይም አንድ ነገር ይህን ድንበር ሲሻገር ሜታሌፕሲስ ይባላል። ቃሉን ከጥንቱ የንግግር ጥበብ ወስዶ በዚህ ትርጉም ለትረካ ጥናት ያዋለው ፈረንሳዊው ሐያሲ ዤራር ዤኔት ነው፤ በ1972 ባሳተመው ፊጉር 3 በተባለው መጽሐፉ። (ዓ.ም. ካልተባለ በቀር ዓመቶቹ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ዤኔት ከጠቀሳቸው ምሳሌዎች አንዱ የአርጀንቲናዊው ኁሊዮ ኮርታሳር አጭር ልቦለድ ነው። አንድ ባለርስት አረንጓዴ ቬሉት የለበሰ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ልቦለድ ያነባል። በሚያነበው ታሪክ ውስጥ ሁለት ፍቅረኞች ሰው ሊገድሉ ይመካከራሉ። ገዳዩ ጩቤውን ይዞ በዛፎቹ መካከል ያልፋል፣ ቤት ይገባል፣ ደረጃ ይወጣል፤ በመጨረሻ የሚያገኘው አረንጓዴ ቬሉት ወንበር ላይ ተቀምጦ ልቦለድ የሚያነብ ሰው ነው። ሁለት ገጽ የማይሞላ ጽሑፍ ነው፤ ድንበሩ የሚጣሰውም አንድ ጊዜ ብቻ፣ መጨረሻው ላይ ነው።

ሜታሌፕሲስ ቀላልና ከባድ አለው። ሻርሎት ብሮንቴ በ1847 ባሳተመችው ጄን ኤር የመጨረሻው ምዕራፍ የሚጀምረው ተራኪዋ ወደ አንባቢው ዞር ብላ ማግባቷን ስትነግረው ነው። ድምፅ ተሻገረ እንጂ አካል አልተሻገረም፤ አንባቢውም ከወንበሩ ሳይነሣ ታሪኩ ይቀጥላል። ይህ ቀላሉ ነው። ሜሪ ሎር ራያን የተባለችው የትረካ ተመራማሪ ንግግራዊ ትለዋለች። ከባዱ ግን አካል የሚሻገርበት ነው፦ ገጸ ባሕርይ ከገጽ ወጥቶ መንገድ ላይ ይገኛል፣ አንባቢ ወደ ገጹ ገብቶ ቤት ተከራይቶ ይኖራል። አስቂኝ የፋንታሲ ልቦለድ የሚወደው ይህን ነው፤ ብዙ ጊዜ የሚበላሸውም እዚሁ ላይ ነው።

ከባዱ ሜታሌፕሲስ በደንብ ተሠርቶ ሲታይ ምን እንደሚመስል ለማወቅ ጃስፐር ፎርድ በ2001 ያሳተመውን ዘ ኤር አፌር የተባለ ልቦለድ፣ የአንድ ተከታታይ መጀመሪያ የሆነውን፣ ማየት ይበቃል። ጊዜው 1985 ነው፤ እንግሊዝ ግን እኛ የምናውቃት እንግሊዝ አይደለችም። የክራይሚያ ጦርነት ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ አላበቃም፤ ሥነ ጽሑፍ የሕዝብ ትልቁ ጉዳይ ነው፤ የመጽሐፍ ወንጀል የሚመረምር የመንግሥት ክፍልም አለ። ዋና ገጸ ባሕርይዋ ተርስዴይ ኔክስት የዚያ ክፍል መርማሪ ናት፤ የተወለደችበት ከተማ ስዊንደን ነው። አጎቷ ማይክሮፍት ሰውን ወደ መጽሐፍ የሚያስገባ፣ ከመጽሐፍም የሚያወጣ መሣሪያ ይፈለስፋል፤ አከሮን ሄዲስ የተባለ ወንጀለኛ መሣሪያውን ይሰርቀዋል።

የዚህ ልቦለድ ብርታት መሣሪያው ላይ አይደለም። መሣሪያ ማንም ይፈለስፋል። ብርታቱ የመግባትና የመውጣት ሕጎቹ በአብዛኛው መጻሕፍት በእውነት ከሚሠሩበት መንገድ የተወሰዱ መሆናቸው ነው። ደራሲው ከአየር ያመጣው ሕግ ጥቂት ነው።

የመጀመሪያው ሕግ የዋናው ጽሑፍና የቅጂው ልዩነት ነው። አንድ ተራ ቅጂ ውስጥ ገብተህ ነገር ብትለውጥ የሚለወጠው ያ ቅጂ ብቻ ነው። የደራሲው የእጅ ጽሑፍ ውስጥ ገብተህ ብትለውጥ ግን በዓለም ያለው ቅጂ ሁሉ ይለወጣል። ስለዚህ ሄዲስ መጀመሪያ የሚሰርቀው የቻርልስ ዲከንስን የማርቲን ቸዝልዊት የእጅ ጽሑፍ ነው። ሚስተር ኳቨርሊ የሚባል ትንሽ ገጸ ባሕርይ አውጥቶ ይገድላል፤ ሰውየውም ከሁሉም ቅጂ ይጠፋል። እዚህ ላይ አንባቢው በራሱ እጅ ሊፈትነው የሚችለው ነገር አለ፦ ቤቱ ያለውን ማርቲን ቸዝልዊት ገልጦ ቢፈልግ ኳቨርሊን አያገኘውም። ዲከንስ እንዲህ ያለ ሰው ጽፎ አያውቅም። ልቦለዱ ግን ያለመኖሩን የግድያው ማስረጃ አድርጎ ያቀርበዋል። ደራሲው አንድም ነገር ሳይጨምር የእኛን መደርደሪያ የታሪኩ አካል አደረገው፤ ከመጽሐፉ ሁሉ ተንኮለኛው ሥራ ይህ ይመስለኛል።

ሁለተኛው ሕግ የሚመጣው ከተራኪው ነው። ሄዲስ ቀጥሎ ጄን ኤርን ከብሮንቴ የእጅ ጽሑፍ ይጠልፋታል። ኳቨርሊ ሲጠፋ መጽሐፉ እንደነበረ ቀጥሎ ነበር፤ ጄን ስትጠፋ ግን ከተጠለፈችበት ቦታ ጀምሮ ያለው ገጽ በሁሉም ቅጂ ነጭ ሆኖ ይቀራል። ምክንያቱ ቀላል ነው፦ ጄን ኤር በአንደኛ መደብ የተተረከ ነው። የምትናገረው እሷ ናት፤ እሷ ከሌለች የሚናገር የለም። አንድ የሰዋስው ጉዳይ አገር የሚያናውጥ አደጋ ሆነ።

ከዚሁ ሕግ ሌላ ጥቅም ይወጣል። ተርስዴይ ሄዲስን ተከትላ መጽሐፉ ውስጥ ስትገባ ጄን ባለችበት ቦታ መታየት የለባትም፤ ጄን ያየችው ሁሉ ይጻፋልና። ጄን የማትሄድበት ቦታ ግን አይተረክም፤ ስለዚህ እዚያ መኖር፣ መብላት፣ ጄን ከምትወደው ከቶርንፊልድ ቤት ጌታ ከሮቸስተር ጋር መነጋገር ይቻላል። ሮቸስተርም ቢሆን ገጹ ላይ በማይፈለግበት ሰዓት የራሱ ጊዜ አለው። በመጽሐፍ ውስጥ መኖር ማለት እንግዲህ በተተረከው መካከል ባለው ባልተተረከው ቦታ መኖር ነው። እያንዳንዱ ልቦለድ እንዲህ ያለ ክፍተት ሞልቶታል፦ በሁለት ምዕራፎች መካከል ያለፉት ወራት፣ ዋናዋ ያልገባችባቸው ክፍሎች፣ ስማቸው ተጠርቶ የማይታዩ ከተሞች።

ሦስተኛው ነገር ስፌቱ ነው። በተርስዴይ ዓለም የሚታወቀው ጄን ኤር መጨረሻው የእኛው አይደለም፤ ጄን ከአክስቷ ልጅ ከቄሱ ሪቨርስ ጋር ወደ ህንድ ትሄዳለች። የቶርንፊልድ ቃጠሎና ጄን ወደ ሮቸስተር መመለሷ የተርስዴይ ጣልቃ ገብነት ውጤት ነው። በብሮንቴ ጽሑፍ ውስጥ ጄን ከሩቅ ስሟን ሦስት ጊዜ ሲጠራ ትሰማለች፤ ድምፁ በዚያ ርቀት እንዴት እንደደረሰ በተፈጥሮ የሚያስረዳ ነገር መጽሐፉ ውስጥ የለም። ፎርድ ክፍት የነበረውን ያንን ቦታ ተጠቀመበት፦ የጠራችው ከመስኮት ሥር የሮቸስተርን ድምፅ አስመስላ ተርስዴይ ናት። ጥሩ ሜታሌፕሲስ የሚገባው በዚህ በር ነው፤ የውስጠኛው መጽሐፍ ራሱ ሳይዘጋ በተወው። መውጫውም በዚያው ልክ ይሠራል። ጄን ኤር ውስጥ የሮቸስተርን ሠርግ የሚያስቆመው ጠበቃ ብሪግስ፣ ተርስዴይ የምትወደው ላንደን ሌላ ሴት ሊያገባ ሲል ከመጽሐፉ ወጥቶ ሠርጉን ያስቆማል። ሰውየው የሚያውቀውን ሥራ ነው የሠራው።

ቀልዱ ወደ ገጹ ራሱም ይወጣል። የማይክሮፍት መሣሪያ የሚሠራው በመጽሐፍ ትሎች ነው፤ ትሎቹ ሲጨነቁ የእንግሊዝኛውን የአፖስትሮፍ ምልክት ያለ ቦታው ይረጫሉ፤ ምልክቱም በምናነበው ዓረፍተ ነገር ላይ ተረጭቶ ይታያል። በ2002 በወጣው ሁለተኛው መጽሐፍ ደግሞ ገጸ ባሕርያት በግርጌ ማስታወሻ እንደ ስልክ ይነጋገራሉ። አንባቢው ዓይኑን ወደ ገጹ ግርጌ በላከ ቁጥር ንግግሩን እየሰማ ነው። ተርጓሚን የሚፈትነውም ይኸው ነው፤ አማርኛ አፖስትሮፍ ስለሌለው፣ ትሎቹ የሚረጩት ሌላ ነገር መሆን አለበት፤ ምናልባት አራት ነጥብና ነጠላ ሰረዝ።

በመጽሐፍ ውስጥ መኖር በስፋት የሚታየው በ2003ቱ ሦስተኛ መጽሐፍ ነው። በዚያ ታላቁ ቤተ መጻሕፍት የሚባለው ቦታ የታተሙ መጻሕፍትን የያዙ 26 ፎቆች አሉት፤ ለእያንዳንዱ የእንግሊዝኛ ፊደል አንድ። ከሥሩ ደግሞ ገና ያልታተሙት የሚሠሩባቸው ሌሎች 26 ምድር ቤቶች አሉ። ነፍሰ ጡሯ ተርስዴይ የምትደበቀው ከነዚህ ባልታተሙት በአንዱ፣ እምብዛም በማይረባ የወንጀል ልቦለድ ውስጥ፣ የአንዲት ገጸ ባሕርይ ቦታ ተክታ ነው። ምርጫው አመክንዮ አለው። የታተመ መጽሐፍ በየሰዓቱ ይነበባል፤ አንዲት ስሕተት በሺዎች ፊት ትወጣለች። ያልታተመ ረቂቅ ግን አንባቢ የለውም፤ ስለዚህ እንግዳ ቢኖርበት አይጎዳም።

በተርስዴይ ታሪክ ውስጥ የጊዜ ጉዞም አለ፤ ከዚህ ጋር ምን አገናኘው? መዋቅሩ አንድ ነው። ወደ ኋላ የሄደ ሰው የተጻፈን ነገር ውስጥ ገብቶ የሚያርም ነው፤ ታሪክ የእጅ ጽሑፉ ሆነ ማለት ነው። የተርስዴይ አባት የጊዜ ጠባቂዎች የሚባለውን መሥሪያ ቤት ትቶ የከዳ ኮሎኔል ነው። መሥሪያ ቤቱ የእሱን መወለድ አስቀርቷል፤ እሱ ግን በጊዜ መካከል እየተዘዋወረ አለ። በመጀመሪያው መጽሐፍ ይኸው አባት የሼክስፒርን ተውኔቶች የጻፈ ሰው ሲፈልግ ያጣና፣ ሙሉውን ሥራ ይዞ ወደ 1592 ተመልሶ ለተዋናዩ ለሼክስፒር ይሰጠዋል። ጽሑፉ አለ፤ ደራሲ ግን የለውም። የጊዜ ክቡም የመጽሐፉም ጥያቄ እዚህ አንድ ላይ ይገጥማል።

ሁለተኛው መጽሐፍ ላይ ነገሩ ይከብዳል። የተርስዴይ ባል ላንደን በ1947፣ ገና ሁለት ዓመቱ ሳለ፣ በአደጋ እንዲሞት ተደርጎ ከታሪክ ይደመሰሳል። ትዳሩ አልነበረም፣ ጎረቤት አያውቀውም፤ እሷ ግን ታስታውሰዋለች፣ ልጁንም አርግዛለች። አስቂኝ ልቦለድ እንዲህ ያለ እውነተኛ ኪሳራ ካልያዘ ሕጎቹ ጨዋታ ብቻ ይሆናሉ። ያለ ላንደን ተከታታዩ አሥር ገጽ የሚያስቅ ብልሃት ሆኖ በቀረ ነበር።

እንዲህ ያለ ልቦለድ ልጻፍ የሚል ሰው መጀመሪያ የሚገቡበትን መጽሐፍ ይምረጥ። አንባቢው የማያውቀው መጽሐፍ ውስጥ የተደረገ ለውጥ ለውጥ መሆኑ አይታይም። የታወቀ ቢሆን እንኳ ድንበሩ ከመጣሱ በፊት ታሪኩን ማስታወስ ያስፈልጋል፤ ፎርድ ሴራውን ገጸ ባሕርያቱ እርስ በርስ እንዲነጋገሩበት ያደርጋል፤ ጄን ኤርን ያላነበበም አይጠፋም። የመብት ጉዳይም አለ። ብሮንቴም ዲከንስም ሼክስፒርም የቅጂ መብታቸው ካለቀ ቆይቷል። በእኛ አገር አዋጅ ቁጥር 410/1996 (ዓ.ም.) የደራሲውን መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠብቃል። ስለዚህ በ1996 ዓ.ም. ያረፉት ሐዲስ ዓለማየሁ የጻፉት ፍቅር እስከ መቃብር ውስጥ ሰው አስገብቶ ለማሳተም ፈቃድ ያስፈልጋል።

ለልምምድ ግን ምርጥ መጽሐፍ ነው። በዛብህን ከፍቅር እስከ መቃብር ብንጠልፈው ገጹ ነጭ ይሆናል? አይሆንም። ትረካው በሦስተኛ መደብ ነው፤ ተራኪው ሥራውን ይቀጥላል። ሰብለ ወንጌል መምህር የሌላት ተማሪ ሆና ትቀራለች፣ ፊታውራሪ መሸሻም ቁጣቸውን የሚያሳርፉበት ያጣሉ፤ መጽሐፉ እስከ መጨረሻው ይነበባል፣ ግን የሚፈርሰው ሴራው ነው። ከጄን ኤር ይልቅ ይህ ይከብዳል፤ ነጭ ገጽ ወዲያው ይታያል፣ የተበላሸ ሴራ ግን አንባቢው ቀስ እያለ ነው የሚደርስበት።

ብዙ ረቂቆች የሚወድቁት በሦስት ምክንያት ነው። አንደኛው መግባት ነፃ ሲሆን ነው፦ ማንም በፈለገ ሰዓት ከገባና ከወጣ አደጋ የለም፣ አደጋ ከሌለ ደግሞ ምዕራፉ የሚሄድበት የለውም። ሁለተኛው ደረጃ ማብዛት ነው። መጽሐፍ ውስጥ ያለ መጽሐፍ ውስጥ ሌላ መጽሐፍ ሲጨመር አንባቢው የትኛው ሰው ከየት እንደመጣ መቁጠር ይጀምራል፤ መቁጠር የጀመረ አንባቢ አይስቅም። ሦስት ደረጃ ለአንድ ሙሉ ልቦለድ ይበቃል። ሦስተኛው፣ ከሁሉም የሚብሰው፣ ሕጉን ሲቸግር መለወጥ ነው። በምዕራፍ አምስት ቅጂውን የለወጠ ዋናውን አይለውጥም ተብሎ፣ በምዕራፍ ሃያ ግን ዋና ገጸ ባሕርይዋን ለማዳን ሲባል ቢለውጥ፣ አንባቢው ከዚያ በኋላ የሚነገረውን አያምንም።

መድኃኒቱ ከመጻፍ በፊት የሚሠራ ወረቀት ነው። የውስጠኛውን መጽሐፍ ምዕራፎች በአንድ ረድፍ ወደ ታች ጻፉ። ከጎናቸው በእያንዳንዱ ምዕራፍ ማን የት እንዳለ፣ በሦስተኛው ረድፍ ደግሞ በዚያው ሰዓት ማን እንደማይታይና የት ሊሆን እንደሚችል። በአራተኛው መጽሐፉ ራሱ ሳይመልስ የተወውን ጥያቄ አስፍሩ፦ ማን ጠራት? ደብዳቤውን ማን አደረሰው? በሩ ለምን ክፍት ነበር? እንግዳችሁ የሚኖረው በሦስተኛው ረድፍ ነው፤ ጣልቃ የሚገባው በአራተኛው። ሦስተኛው ረድፍ ባዶ የሆነባችሁ ምዕራፍ ላይ እንግዳውን አታስገቡት፤ መቆሚያ የለውም።