ከሃኖይ በስተ ምዕራብ፦ የአንድ ቀን ደርሶ መልስ ወደ ፓጎዳዎቹና ወደ ዱንግ ላም መንደር

ሃኖይ የሄደ ሰው አብዛኛውን ጊዜ አሮጌውን የገበያ ሰፈርና ሃ ሎንግ ባሕረ ሰላጤን አይቶ ይመለሳል። ሁለቱም ይታያሉ፣ ክፋት የለውም። የሰሜን ቬትናም ገጠር እንዴት እንደሚኖርና ምን እንደሚያመልክ ማወቅ የፈለገ ግን ከከተማዋ በስተ ምዕራብ የሚደረገው የአንድ ቀን ጉዞ ይሻለዋል። የአስጎብኚዎቹ የተለመደ መስመር ሦስት ቦታ ይነካል፦ ታይ ፓጎዳ፣ ተይ ፉዎንግ ፓጎዳ፣ በመጨረሻም ዱንግ ላም የሚባለው ጥንታዊ መንደር።

ጠዋት ሁለት ሰዓት ግድም ሚኒባስ ከሆቴል በር ላይ ይወስዳል፣ አመሻሹ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ይመልሳል። ከከተማው የሚወጣው ሰፊው የታንግ ሎንግ ጎዳና በ2010 ሃኖይ 1,000ኛ ዓመቷን ስታከብር የተከፈተ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው።) አካባቢው እስከ 2008 ድረስ ሃ ታይ የሚባል ራሱን የቻለ ክፍለ ሀገር ነበር። ያን ዓመት ከሃኖይ ጋር ተቀላቀለ። ስለዚህ የሩዝ ማሳውም ጎሹም በወረቀት ደረጃ ዋና ከተማ ውስጥ ነው።

መንገድ ላይ እያሉ አንድ ነገር መለየት ይጠቅማል። ቱሪስቱ ጣሪያው ጥግ ጥጉ ወደ ላይ የቀና ቤት ሁሉ አንድ ዓይነት ይመስለዋል። አይደለም። ፓጎዳው፣ በእነሱ አጠራር ቹዋ፣ የቡድሃ ቤት ነው፤ መነኮሳት አሉበት። ዲን የሚባለው ደግሞ የመንደሩ ቆሌ የሚከበርበትና ሽማግሌዎች የሚሰበሰቡበት አዳራሽ ነው። ድሮ ግብር የሚከፋፈለው፣ ጠብ የሚዳኘው፣ የመንደሩ ደንብ የሚጸናው እዚያ ነበር። የወንዶች ቦታ ስለነበር ሴቶቹ ወደ ፓጎዳው አዘነበሉ። ዴን የሚሉት ሦስተኛው ዓይነት ለጀግኖችና ለነገሥታት መታሰቢያ ነው። በየቤቱ ደግሞ የአባቶች መሠዊያ አለ። አንድ ሰው ለሁሉም እጣን ያጨሳል፤ አንዱ ከሌላው ይጋጫል ብሎ የሚጨነቅ የለም።

ታይ ማለት መምህር ማለት ነው። ፓጎዳው የተመሠረተው በ11ኛው ክፍለ ዘመን፣ በሊ ሥርወ መንግሥት ዘመን ነው። መምህር የተባለው ቱ ዳኦ ሃኝ የሚባል መነኩሴ ሲሆን፣ ሐኪምም አስማተኛም ነበር ይሉታል። እንደ አፈ ታሪኩ ሲሞት እንደገና ተወልዶ ሊ ታን ቶንግ የተባለው ንጉሥ ሆነ። በፓጎዳው ውስጥ ያለው የእንጨት ምስሉ መገጣጠሚያዎች የተሠሩለት ነበር፤ በገመድ ሲስቡት ይነሳል፣ ሲለቁት ይቀመጣል።

ይህ እንዲያው የመጣ አይደለም፤ መነኩሴው የውሃ ላይ አሻንጉሊት ትያትር አባት ተደርጎ ይከበራል። ከፓጎዳው ፊት ያለው ኩሬ መካከል ላይ የቆመችው ትንሽ ድንኳን መሰል ቤት የዚህ ትያትር መድረክ ናት። ተዋንያኑ ከቀርከሃ መጋረጃ ጀርባ እስከ ወገባቸው ውሃ ውስጥ ቆመው፣ በውሃው ሥር በሚያልፍ ረጅም ዘንግ አሻንጉሊቶቹን ያንቀሳቅሳሉ። ጥበቡ የተወለደው ጎርፍ በሚተኛበት የቀይ ወንዝ ሩዝ አብቃይ አካባቢ ሲሆን፣ በድንጋይ ላይ ተቀርጾ የተገኘው ቀደምት ማስረጃ የ1121 ነው። ከኩሬው ግራና ቀኝ ያሉትን ጣሪያ ያላቸውን ሁለት ድልድዮች በ1602 ያሠራቸው ፉንግ ካክ ኮአን የተባለ ሊቅና ሹም ነው። አንዱ የፀሐይ፣ ሌላው የጨረቃ ይባላሉ።

ከዚያ ተይ ፉዎንግ። እዚህ እግር ያስፈልጋል፤ ኮረብታው ላይ ለመድረስ ከ230 በላይ የድንጋይ ደረጃ ይወጣል። ሙቀቱ ሲጨመርበት ላብ በላብ መሆን አይቀርም። ላይ ሲደርሱ ሦስት ቤቶች ተከታትለው ቆመዋል፣ ጣሪያቸው ድርብ ነው። አሁን ያለው ሕንፃ ዋና ቅርጹን የያዘው በ1794፣ በተይ ሶን ሥርወ መንግሥት ጊዜ ሲታደስ ነው።

ሰው የሚመጣው ግን ለሕንፃው ሳይሆን ለምስሎቹ ነው። ከጃክፍሩት ዛፍ እንጨት ተጠርበው በላክ ቀለም የተለበጡ፣ አብዛኞቹ የ18ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ሥራ ናቸው። የቡድሃን ትምህርት ተቀብለው ያስተላለፉት አባቶች ምስሎች በግራና በቀኝ ተደርድረዋል። እንደ ሌላው ቦታ ሁሉም አንድ ዓይነት ፈገግታ የላቸውም። አንዱ ጉልበቱን አቅፎ አዝኗል፣ ሌላው ግንባሩን ቋጥሯል፣ አንዱ አርጅቶ ቆዳው ተንጠልጥሏል። ጠራቢው መጽሐፍ እያየ ሳይሆን ጎረቤቱን እያየ የሠራቸው ይመስላሉ። መካከል ላይ ደግሞ በጾም የመነመነው ቡድሃ አለ። የጎድን አጥንቱ አንድ በአንድ ይቆጠራል፣ አንገቱ ላይ ጅማቱ ወጥቷል። ዘመኑ የጦርነትና የረሃብ ዘመን እንደነበር ያወቀ ሰው ምስሎቹ ለምን እንዲህ እንደሆኑ ብዙ ማብራሪያ አይፈልግም። ቤቱ ውስጥ ጨለምለም ስለሚል ዓይን እስኪለምድ ጥቂት መቆም ያስፈልጋል፤ የሚያጣድፍ አስጎብኚ የሚከፋውም እዚህ ነው። ጊዜ አጥሮ ከሁለቱ ፓጎዳዎች አንዱ ይቅር ከተባለ፣ በእኔ ሚዛን መቅረት ያለበት ተይ ፉዎንግ አይደለም።

ዱንግ ላም ከሃኖይ ወደ 50 ኪሎ ሜትር ግድም፣ ሶን ታይ ከምትባለው ከተማ አጠገብ ነው። በ2005 የብሔራዊ ቅርስነት ማዕረግ ሲሰጠው ከቬትናም መንደሮች የመጀመሪያው ሆነ። ሞንግ ፉ በሚባለው ክፍሉ የሚገባው በአሮጌ በር ነው፤ ከጎኑ ኩሬና ትልቅ ዛፍ አለ። ዛፉ የእኛው የዋርካ ዘመድ ነው፣ ሥራውም ያው ነው፦ ከሥሩ ተቀምጦ ወሬ ማውራት፣ መንገደኛ ማየት።

መንደሩ ሌላ ቦታ የማይገኝ መልክ የሰጠው ድንጋዩ ነው። ላተራይት ይሉታል። ቀይ ቡናማ ሆኖ እንደ ማር እንጀራ ቀዳዳ ቀዳዳ አለው። ከመሬት ውስጥ ሲወጣ ለስላሳ ስለሆነ በቀላሉ እንደ ጡብ ይቆረጣል። አየር ሲያገኘው ይጠነክራል። አጥሩ፣ የጉድጓዱ አፍ፣ የቤቱ ግድግዳ ሁሉ ከእሱ ነው። ልስን አይደረግበትም፤ ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ሲያርፍበት ወደ ወርቅማ ይለወጣል።

ጣሪያውን የሚሸከመው ግን ግድግዳው አይደለም። የቤቶቹ አጥንት እንጨት ነው፣ ያለ ሚስማር እርስ በርሱ የተሰካካ። እንጨቱ ከመሠራቱ በፊት ነቀዝ እንዳይበላው ለወራት ኩሬ ውስጥ ይዘፈቃል። የመካከለኛው ክፍል የአባቶች መሠዊያ ነው። የበሩ ደፍ ከፍ ያለ ስለሆነ የሚገባ ሰው እግሩን ለማየት አንገቱን ይደፋል፤ ለመሠዊያው ሳያውቀው እጅ ነሳ ማለት ነው። ደፉን ተሻግሮ ማለፍ እንጂ መርገጥ ነውር ነው።

ግቢው ውስጥ ጋን ይደረደራል። ይህ ቱኦንግ የሚሉት የአኩሪ አተር ማጣፈጫ ነው። የሚጣበቀው ሩዝ በእንፋሎት በስሎ እስኪሻግት ይተዋል። አኩሪ አተሩ ተቆልቶ፣ ተፈጭቶ፣ ውሃ ውስጥ ቀናት ይከርማል። ሁለቱ ከጨው ጋር ተቀላቅለው ጋን ውስጥ ይገቡና ፀሐይ ላይ ለወራት ይብላላሉ። ፀሐይ ሲወጣ ክዳኑ ይነሳል፣ ዝናብ ሲያስገመግም ተሯሩጦ ይከደናል። ጠጋ ብሎ ያሸተተ ሰው መጀመሪያ ፊቱን ያጨማድዳል፤ ምሳ ላይ የተቀቀለ ቅጠል ሲያጠቅስበት ሐሳቡን ይቀይራል።

የሞንግ ፉ ዲን በ17ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራ ነው። ወለሉ ከመሬት ከፍ ያለ የእንጨት ርብራብ ነው፤ የተራራው ቆሌ ታን ቪየን ይከበርበታል። የመንደሩ መንገዶች ከፊቱ ካለው ሜዳ እየተነሱ ይበተናሉ። ትንሽ እልፍ ሲሉ ሚያ ፓጎዳ አለ። ሚያ ሸንኮራ አገዳ ነው። ፓጎዳውን በ1632 ያሳደሱት የአካባቢው ተወላጅ የሆኑት የገዥው ትሪን ትራንግ ሚስት ናቸው። ውስጡ 287 ምስሎች አሉት፤ ከግማሽ በላዩ የጭቃ ነው።

መንደሩ የሁለት ነገሥታት አገር ነኝ ይላል። አንዱ በ8ኛው ክፍለ ዘመን በታንግ ቻይና ላይ ያመፀው ፉንግ ሁንግ ነው። ሁለተኛው ንጎ ኩየን በ938 ባክ ዳንግ ወንዝ ላይ ጫፋቸው ብረት የሆነ እንጨቶች በወንዙ ወለል ተክሎ ጠበቀ። የቻይና መርከቦች ውሃው ሞልቶ ሳለ ገቡ። የባሕሩ ሙላት ሲሸሽ እንጨቶቹ ላይ ተሰክተው ቀሩ። ቬትናሞች የሺህ ዓመት የቻይና አገዛዝ ያበቃው ያን ቀን ነው ይላሉ። የመንደሩ ሌላ ልጅ ዛንግ ቫን ሚን በ1637 ወደ ቻይናው የሚንግ ቤተ መንግሥት ተልኮ ሄደ። እንደሚተረከው ንጉሡ ቬትናምን የሚያሳንስ የግጥም ስንኝ ወርውሮ ማሟያውን ጠየቀው። እሱም ወንዙ እስካሁን በደም ቀይ ነው ብሎ ባክ ዳንግን አስታወሰው። በሕይወት አልተመለሰም። አስጎብኚው ጎበዝ ከሆነ ይህን ታሪክ የንጎ ኩየን መቃብር አጠገብ፣ ዝሆኖቹን ያስርባቸው ነበር የሚባሉት 18 አሮጌ ዛፎች ጥላ ሥር ይተርከዋል።

ብዙ አስጎብኚዎች የማያነሱት ጉዳይም አለ። ዱንግ ላም ሙዚየም አይደለም፣ ሰው ይኖርበታል። ቅርስ ከተባለ ወዲህ ቤት ማፍረስ፣ ፎቅ መጨመር፣ ጣሪያ መቀየር ፈቃድ ይፈልጋል። ቤተሰብ ግን ይወልዳል፣ ይበዛል። አያት፣ ልጅና የልጅ ልጅ አንድ ጣሪያ ሥር ተጨናንቀው፣ ቱሪስቱ በበራቸው ፎቶ እያነሳ ያልፋል። በ2013 በርካታ ነዋሪዎች ፈርመው ማዕረጉ እንዲነሳላቸው ጠየቁ። ጥያቄው አገሪቱን አነጋገረ። ማዕረጉ አልተነሳም። አንዳንድ ቤቶች በጃፓን ባለሙያዎች ድጋፍ ታድሰዋል። በየመንገዱ የሚታየው አዲስ ሲሚንቶ አንዳንዱን ጎብኚ ያናድዳል፤ ለእኔ ግን ናፍቆቱን ለማርካት ሌላው ሰው በሚያፈስ ጣሪያ ሥር ይኑር ማለት አይዋጥልኝም።

ሥርዓቱ ከባድ አይደለም። ትከሻና ጉልበት ይሸፈናል፣ ኮፍያ ይወልቃል። ዋናው የመካከል በር ለተራ ሰው አይደለም፣ በጎን ይገባል። እግርን ወደ ምስል ዘርግቶ መቀመጥ ብልግና ነው። ለፎቶ መጠየቅ ይሻላል። ምሳ በአብዛኛው መንደሩ ውስጥ ከአንድ ቤተሰብ ግቢ ነው፦ የአካባቢው ዶሮ፣ የተጠበሰ አሳማ፣ ሩዝ። አሳማ የማይበላ ቀድሞ ለአስጎብኚው ይንገር። ጿሚ ደግሞ ዓሣ የማይበላ ከሆነ ይጠንቀቅ፤ የዓሣ ማጣፈጫ የማይገባበት ወጥ ጥቂት ነው። መፍትሔው ቻይ ማለት ነው፤ የቡድሃ ተከታዮች የጾም ምግብ ነው፣ ሥጋም ዓሣም የለበትም።

ዝናቡና ሙቀቱ የሚበረታው ከግንቦት እስከ መስከረም ነው። በጨረቃ አቆጣጠር ወር በገባ በ1ኛውና በ15ኛው ቀን ሕዝቡ ወደ ፓጎዳ ይጎርፋል፤ ሥርዓቱን ማየት የፈለገ ያን ቀን፣ ምስሎቹን በጸጥታ ማየት የፈለገ ሌላ ቀን ይምረጥ። የታይ ክብረ በዓል በጨረቃው ሦስተኛ ወር ከ5 እስከ 7 ይውላል፤ የውሃ አሻንጉሊቱ በራሱ ኩሬ ላይ የሚታየው ያኔ ነው። ያለ አስጎብኚ መሄድ የሚፈልግ በከተማ አውቶቡስ ሶን ታይ ይደርሳል። መንደሩ ውስጥ ብስክሌት ይከራያል፣ ማደሪያም አይጠፋም።