«ቀላል ባቡር» ቀላልነቱ ምኑ ላይ ነው?

«ቀላል ባቡር» ሲባል ብዙ ሰው ክብደት ይመስለዋል። ከአያት ጦር ኃይሎች የሚሄደውን በሥራ መግቢያ ሰዓት ላየው ግን ምኑም ቀላል አይደለም፤ ያ ሁሉ ሰው ተጠቅጥቆ!

ስያሜው በ1972 እ.ኤ.አ. አሜሪካ ውስጥ የወጣ ነው። «ቀላል» የተባለው የሚሸከመው ጭነት ነው። ከአገር አገር ከሚሄደው ባቡር አጭር ነው፣ ዕቃ አይጭንም፣ በየሰፈሩ ይቆማል።

የሐዲዱ ጥበት ነው የሚሉም አሉ። አይደለም። በመስከረም 2008 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የአዲስ አበባው ቀላል ባቡርም፣ ወደ ጅቡቲ የሚወስደው አዲሱ መስመርም የሐዲዳቸው ስፋት እኩል 1,435 ሚሊ ሜትር ነው። እንዲያውም ጠባቡ የድሮው የጅቡቲ መስመር ነበር፤ 1 ሜትር ብቻ። የሚለያዩት በኤሌክትሪኩ ነው፦ የከተማው በ750 ቮልት፣ የጅቡቲው በ25,000 ቮልት ይሠራሉ።

ሜትሮ ከሚባለው የትልልቅ ከተሞች ባቡር ጋርም አይምታታ። ሜትሮ መንገዱን ከማንም አይጋራም፤ ቀላል ባቡር ግን የመኪና መንገድ ሊያቋርጥ ይችላል። «ምድር ባቡር» ደግሞ ሰፊ ስያሜ ነው፤ የባቡር ዘርፉንም፣ ድርጅቱንም ይጠራል። ታክሲ ተራ ላይ «ባቡሩ» ካሉ ግን የከተማውን ማለታቸው ነው።