«መኝታውም ንጹሕ ይሁን»፦ ትዳርና እንቅልፍ በሃይማኖት ዓይን

«ተኛ» የምትለው ቃል ብዙ ትሸከማለች። ያሸለበውም ተኛ፣ ታሞ ሆስፒታል የገባውም ተኛ፣ ከሰው ጋር ያደረውም ተኛ ይባላል። «አንቀላፋ» ስንል ደግሞ ብዙ ጊዜ ስለ ሞተ ሰው ነው። እንቅልፍ፣ ትዳርና ሞት በቋንቋችን ጎረቤት ናቸው፣ በቅዱሳት መጻሕፍትም እንዲሁ።

የመጀመሪያው ጋብቻ ራሱ በእንቅልፍ የመጣ ነው። አዳም ከባድ እንቅልፍ ወስዶት ሳለ ሔዋን ከጎኑ አጥንት ተሠራች (ዘፍጥረት 2)። ሽማግሌ አልላከ፣ ጥሎሽ አልጣለ! የቤተ ክርስቲያን አባቶች ታሪኩን ከስቅለት ጋር ያያይዙታል፦ ክርስቶስ በመስቀል ላይ ሲያንቀላፋ ጎኑ ተወጋ፣ ደምና ውኃ ወጣ፣ ሙሽሪት የምትባለው ቤተ ክርስቲያንም ከዚያ ተገኘች ይላሉ።

መብራታቸውን ይዘው ሙሽራ ሊቀበሉ የወጡት የአሥሩ ደናግል ምሳሌ ነገር ግን ብዙ ሰው ያምታታዋል። ሰነፎቹ ስለተኙ የተቀጡ ይመስለዋል። ማቴዎስ 25ን ገልጣችሁ እዩ፤ ሙሽራው ሲዘገይ አሥሩም ናቸው እንቅልፍ የጣላቸው፣ ልባሞቹም ጭምር። የለያቸው ከመተኛታቸው በፊት ለመብራታቸው የያዙት ዘይት ነው።

ወደ ኑሮ ስንመጣ፣ በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ በቁርባን የተጋቡ ባልና ሚስት በጾም ወቅትና ሊቆርቡ ሲሉ መኝታ ይለያሉ። አልጋው ርኩስ ስለሆነ አይደለም፤ ዕብራውያን 13፥4 ጋብቻን ክቡር ብሎ «መኝታውም ንጹሕ ይሁን» ይላል። 1ኛ ቆሮንቶስ 7፥5 ደግሞ መለያየቱ ለጸሎት፣ ለጊዜው፣ ያውም ተስማምተው እንዲሆን ያዛል። ይህቺ «ተስማምተው» የምትለዋ ነገር በየቤቱ ቶሎ ትረሳለች፤ አንዱ ብቻውን ወስኖ ጀርባውን ቢሰጥ ጾም ሳይሆን ኩርፊያ ነው። በበዓላት ዋዜማ ደግሞ እንቅልፍ ራሱ ይጾማል። ደብተራው መቋሚያውን ብብቱ ሥር አስደግፎ፣ ዓይኑ ሲከደን ጸናጽሉ እየቀሰቀሰው በማኅሌት ያነጋል።

በእስልምናም ትዳርና እንቅልፍ አይራራቁም። ቁርኣን በሱረቱ አር-ሩም ምዕራፍ 21ኛው አንቀጽ ላይ ትዳርን፣ 23ኛው ላይ እንቅልፍን ከአላህ ተአምራት ይቆጥራቸዋል። በመጀመሪያው ዘመን፣ በረመዳን ማታ እንቅልፍ የወሰደው ሰው ሌሊት ቢነቃም እስከ ማግስቱ ማታ መብላትም ከሚስቱ ጋር መሆንም አይፈቀድለትም ነበር። የሱረቱል በቀራ 187ኛ አንቀጽ ያን አነሳላቸው፤ ባልና ሚስትንም አንዳቸው ለሌላው ልብስ ናቸው አለ።