በሁለት አቅጣጫ የሚካሄድ ኢላስቲክ ግጭት ምንድን ነው?

ፑል ጠረጴዛ ላይ ነጯ ኳስ የቆመችን ኳስ በጎኗ በኩል ስትመታት ሁለቱ በየፊናቸው ይሄዳሉ። ከግጭቱ በፊትና በኋላ የሁለቱ ድምር ሞመንተምም ድምር ካይኔቲክ ኢነርጂም (የእንቅስቃሴ ጉልበት) እኩል ከሆነ ግጭቱ ኢላስቲክ ነው። ሞመንተም ማስ (የቁስ መጠን) በቬሎሲቲ (አቅጣጫ ያለው ፍጥነት) ሲባዛ የሚገኝ ስለሆነ አቅጣጫ አለው፤ ስለዚህ በኤክስ (በነጯ መምጫ መስመር) እና በዋይ (እሱን በ90 ዲግሪ በሚያቋርጠው) ለየብቻ ይደመራል።

ነጯ በሰከንድ 4 ሜትር መጣች እንበል፤ የሁለቱ ማስ እኩል ነው፤ የተመታችው ከነጯ መምጫ መስመር 30 ዲግሪ ወደ ግራ ሄደች። የነጯ አቅጣጫና የሁለቱ ፍጥነት እንዴት ይገኛል?

ቁልፉ ያለው በተነካኩበት ቅጽበት ላይ ነው። በኳሶቹ መካከል ያለውን ሰበቃ ብንተወው፣ አንዷ ሌላዋን የምትገፋው መሃል ለመሃል በሚያገናኛቸው መስመር ብቻ ነው። የተመታችውም በዚያው መስመር ትሄዳለች። ማሳቸው እኩል ስለሆነ ነጯ በዚያ መስመር ላይ የነበራትን ቬሎሲቲ እንዳለ አስረክባ፣ መስመሩን በ90 ዲግሪ የሚያቋርጠውን ብቻ ይዛ ትቀራለች። ስለዚህ፦

የተመታችው፦ 4 × ኮሳይን 30 = 3.46
ነጯ፦ 4 × ሳይን 30 = 2፣ በ60 ዲግሪ ወደ ቀኝ

በኤክስ ስናየው 3 ሲደመር 1፣ 4 ይመጣል። በዋይ 1.73 ወደ ግራ፣ 1.73 ወደ ቀኝ፤ ይጠፋፋሉ። ኢነርጂው ግማሽ ማስ በፍጥነት ስኩዌር ስለሆነ፣ የጋራውን ግማሽ ማስ ትተን ስኩዌሮቹን ብቻ ስንደምር 12 ሲደመር 4፣ 16 ነው፤ የ4 ስኩዌር።

ብዙ ተማሪ የሚስተው እዚህ ላይ ነው። 3.46ን ከ2 ጋር ደምሮ 5.46 ያገኝና «ሞመንተም ጨመረ» ይላል፤ አቅጣጫውን ረስቶ ፍጥነትን እንደ ተራ ቁጥር ስለደመረ ነው። ሌላው ደግሞ ኢነርጂን በኤክስና በዋይ ከፍሎ ሁለት እኩልታ ይጽፋል። ኢነርጂ አቅጣጫ የለውም፤ የሚሰጠው አንድ እኩልታ ብቻ ነው። ካልኩሌተሩ በዲግሪ ፈንታ ራዲያን (ሌላ የማዕዘን መለኪያ) ላይ መሆኑን ሳያይ የሚቀርም አለ።

እኩልታዎቹ ሦስት ናቸው፤ የማይታወቁት ግን አራት (የእያንዳንዷ ኳስ ኤክስና ዋይ)። ለዚህ ነው ጥያቄው ብዙውን ጊዜ አንድ ማዕዘን ወይም ኳሶቹ የተነካኩበትን ቦታ የሚሰጠው። የኳሶቹ ዲያሜትር 57 ሚሊሜትር ከሆነ፣ ለ30 ዲግሪ የነጯ መሃል ከሌላዋ መሃል 28.5 ሚሊሜትር ወደ ጎን ርቆ ማለፍ አለበት፤ ማለትም የነጯ መሃል ልክ በሌላዋ ጠርዝ ላይ ያነጣጥራል።

ከግጭቱ በኋላ ሁለቱ ኳሶች በ90 ዲግሪ ይለያያሉ የሚለው ሕግ የሚሠራው ማሳቸው እኩል ሲሆንና አንዷ ቆማ ስትጠብቅ ነው። መቺዋ ከከበደች በመካከላቸው ያለው ማዕዘን ይጠባል፣ ከቀለለች ይሰፋል። ጠረጴዛው ላይም ቢሆን ነጯ እየተንከባለለች ከመጣች፣ ከግጭቱ በኋላ ሽክርክሪቱ ከጨርቁ ጋር እየተሻሸ ወደ ፊት ይጎትታታል፤ በዚህ ምሳሌ መጨረሻ ላይ የምትይዘው አቅጣጫ 60 መሆኑ ቀርቶ 34 ዲግሪ ገደማ ይሆናል።