የአስተዳደር ዝምታ ምንድን ነው?

አንዲት መምህርት በአማራ ክልል ሰሜን ሸዋ፣ መሐል ሜዳ ከተማ ውስጥ ለቅጥር ተወዳድራ አለፈች እንበል። ስሟ በማስታወቂያ ሰሌዳ ተለጥፏል፣ ማስረጃዋ ተሟልቷል፣ የቀራት የምደባ ደብዳቤ ብቻ ነው። መስከረም ገብቶ ትምህርት ቢጀመርም ደብዳቤው አልወጣም። ጽሕፈት ቤቱ «አንቀጥርሽም» አላላትም፤ በሄደች ቁጥር «በሂደት ላይ ነው፣ ሌላ ቀን ተመለሺ» ይላታል እንጂ። የአስተዳደር ዝምታ ማለት ይኸው ነው፤ የመወሰን ግዴታ ያለበት መሥሪያ ቤት ጥያቄ ቀርቦለት እሺም እምቢም ሳይል ሲቀር።

ከግልጽ እምቢታ ይልቅ ይህ ይጎዳል። እምቢታ ቀንና ቁጥር ያለው ደብዳቤ አለው፤ ይግባኝ ይባልበታል። ዝም ለተባለ ሰው ግን ይዞ የሚከራከርበት ወረቀት የለውም። በዚህ መሐል ልጆቹ ያለ አስተማሪ ይቀመጣሉ፣ ሰኔ 30 የበጀት ዓመቱ ይዘጋል፣ ለመደቡ የተያዘው ገንዘብም አብሮ ሊያልፍ ይችላል። ማንም ሳይፈርምበት መብቱ ይጠፋል።

ሌሎች አገሮች ለዚህ የጊዜ ገደብ አበጅተዋል። በጀርመን አመልካቹ በቂ ምክንያት ሳይነገረው 3 ወር ካለፈው በቀጥታ ለአስተዳደር ፍርድ ቤት መክሰስ ይችላል። ፈረንሳይ ውስጥ መንግሥት ለሠራተኛው ጥያቄ 2 ወር መልስ ካልሰጠ እንደ እምቢታ ይቆጠራል፤ የክሱ በርም ይከፈታል።

በእኛ አገር የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ስለ አስተዳደር ውሳኔ በሰጠው ትርጉም ውስጥ፣ ጥያቄ ቀርቦ ለመወሰን እምቢ ማለትንም አካትቷል። ክለሳውን፣ ማለትም ውሳኔው ሕጉን መከተሉን በፍርድ ቤት የመመርመሩን ጉዳይ፣ የሚያየው የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ትልቅ እርምጃ ነው፤ ሆኖም አዋጁ የሚገዛው የፌዴራል መሥሪያ ቤቶችንና የአዲስ አበባንና የድሬዳዋን አስተዳደር ነው። የመርሐ ቤቴ ወይም የጣርማ በር ወረዳ ትምህርት ጽሕፈት ቤት ግን የክልል መሥሪያ ቤት ነው። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 52 መሠረት የክልል ሠራተኞችን ጉዳይ የሚደነግገው ክልሉ ነውና፣ የሰሜን ሸዋ መምህር መንገዱን የሚፈልገው በክልሉ ሕግ ውስጥ ነው፤ ከጽሕፈት ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ተነሥቶ ወደ መንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት። ገና ደብዳቤ ያልደረሰው ሰው ሠራተኛ ይባላል ወይ የሚለው ክርክር እዚያ መነሣቱ አይቀርም። ለእኔ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ከዚህ ይሰፋል፤ በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት ለማንኛውም ሰው የተሰጠ ነው። እንባ ጠባቂ ተቋምም አቤቱታ ተቀብሎ ይመረምራል፤ የሚሰጠው ግን የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ ፍርድ አይደለም።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ፍርድ ቤት ምን ሊያደርግለት እንደሚችል ሲያስብ ነው። በእንዲህ ያለ ጉዳይ ዳኛው በመደበኛነት «ቅጠሯት» አይልም። «በዚህን ያህል ቀን ውስጥ ወስኑ፣ ምክንያታችሁንም ጻፉ» ይላል። ተወዳዳሪን መዝኖ መምረጥ የጽሕፈት ቤቱ ሥራ ነው፤ ዳኛ ያንን ወንበር ከወሰደ ነገ ቅጥር ሁሉ በክስ ይሆናል። ውጤቱ ተለጥፎ፣ መደቡ ክፍት ሆኖ፣ በጀቱ ተይዞ የቀረው ፊርማ ብቻ ሲሆን ግን የሚመዘን ነገር አልቀረም፤ እንዲህ ባለው ጉዳይ ደብዳቤው ይሰጣት ብሎ ማዘዝ ተገቢ ነው ባይ ነኝ።

ይህ ሁሉ የሚቆመው ጥያቄው መቅረቡ ሲረጋገጥ ነው። በቃል የተጠየቀ ነገር ዝም መባሉን ማስረዳት ከባድ ነው። ስለዚህ ማመልከቻው በሁለት ቅጂ ይጻፍ፤ ምን እንደሚጠየቅና ከመቼ ጀምሮ እንደተጠበቀ በግልጽ ይስፈር፤ አንዱ ለመዝገብ ቤት ገቢ ይደረግ፤ በሌላው ላይ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስደርጎ መያዝ ነው። የዝምታው ጊዜ የሚቆጠረው ከዚያ ቀን ጀምሮ ነው።