የአሜሪካ «ነፃ መሬት» እውነት ነፃ ነበር?

ፕሬዚዳንት ሊንከን በ1862 እ.ኤ.አ. የፈረሙት የሆምስቴድ ሕግ ለአንድ አመልካች እስከ 160 ኤከር፣ ወደ 65 ሄክታር ገደማ፣ ይሰጥ ነበር። ከነባር ሕዝቦች የተወሰደ መሬት መሆኑ ሳይረሳ።

«በነፃ» ሲባል ግን እንዲያው እጅ መዘርጋት ብቻ አልነበረም። የመመዝገቢያው ክፍያ ትንሽ ነበር። ትልቁ ዋጋ ጊዜ ነበር፤ ቤት ሠርቶ፣ መሬቱን አርሶ፣ 5 ዓመት እዚያው መኖር። ከዚያ ሁለት ምስክር ይዞ መቅረብ። ከ6 ወር በላይ ጥሎ የጠፋ መብቱን ሊያጣ ይችል ነበር።

ግራ የሚያጋባው የአመልካቹ ማንነት ነበር። 21 ዓመት የሞላው ወይም የቤተሰብ ኃላፊ መሆን ነበረበት። ያላገባች ሴት ትችል ነበር። ያገባች ግን በአብዛኛው አትችልም ነበር፤ ኃላፊው ባሏ ነዋ!

ልጆች በስማቸው መሬት አያገኙም ነበር፣ ከሥራው ግን አይቀሩም ነበር። ዛፍ በሌለበት የካንሳስና የነብራስካ ሜዳ ብዙው ቤት የሚሠራው ከነሣሩ ተቆርጦ በተነሳ አፈር ነበር። ዝናብ ሲጥል ጣሪያው ጭቃ ያንጠባጥባል። ለማገዶ ልጆቹ ኩበት ይለቅማሉ፤ ይሄ ለእኛ አገር ሰው አዲስ አይደለም።

5 ዓመት መጠበቅ ያቃተው ከ6 ወር በኋላ መሬቱን መግዛት ይችል ነበር። ዋጋው በኤከር 1.25 ዶላር፣ ለ160ው 200 ዶላር ነበር።