ካምቦዲያውያን ስደተኞችን ከአሜሪካ ማባረር ምንድን ነው?

ግሪን ካርድ ያለው ሰው፣ ያውም በስደተኝነት ተቀብለውት የገባ፣ ዲፖርት ይደረጋል እንዴ? አዎ፣ ይደረጋል። የካምቦዲያውያኑን ታሪክ ያየ ሰው አይጠራጠርም። (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆች ናቸው።)

ክመር ሩዥ የሚባለው ኮሚኒስት ቡድን ካምቦዲያን ከ1975 እስከ 1979 ሲገዛ ከ1.5 ሚሊዮን በላይ ሰው በግድያ፣ በረሃብና በበሽታ አለቀ። ከሞት የተረፉ ብዙዎች ታይላንድ ድንበር ላይ ካምፕ ገቡ። አሜሪካ ከነዚህ ከ100 ሺህ በላይ የሚሆኑትን ወሰደች፤ ብዙዎቹም ሎንግ ቢችና ሎዌልን በመሳሰሉ ከተሞች፣ ድህነትና ጋንግ በበዛባቸው ሰፈሮች ኑሮ ጀመሩ። ከልጆቹ አንዳንዶቹ ጋንግ ውስጥ ገቡ፣ አጠፉ፣ ታሰሩ፣ ፍርዳቸውን ጨርሰው ወጡ።

ነገሩ ግን በዚህ አላበቃም። በ1996 ቢል ክሊንተን የፈረሙት የኢሚግሬሽን ሕግ «አግራቬትድ ፌሎኒ» (ከባድ ወንጀል) የሚባለውን፣ ዜጋ ያልሆነን ሰው የሚያስባርር የወንጀል ዝርዝር በጣም ለጠጠው። ስርቆት ወይም ድብደባ አንድ ዓመት ከተፈረደበት ዝርዝሩ ውስጥ ይገባል፤ ፍርዱ በገደብ ሆኖ ሰውየው አንድ ቀን እስር ቤት ባያድርም እንኳ። ከ1996 በፊት የተፈረደበትንም ይነካል። ዳኛው «ልጆች አሉት፣ ሥራ ይዟል፣ ተለውጧል» ብሎ የሚያስቀርበት መንገድም ተዘጋ። እኔን በጣም የሚከነክነኝ ይሄኛው ነው።

ካምቦዲያ ግን ተባራሪዎቹን አልቀበልም ትል ስለነበር፣ የማባረር ትእዛዝ የወጣባቸው ሰዎች ኢሚግሬሽን ቢሮ በየጊዜው ቀርበው እየፈረሙ ይኖሩ ነበር። በመጋቢት 2002 ሁለቱ መንግሥታት ተስማሙና ያው ክረምት መላክ ተጀመረ። በ2017 ደግሞ ካምቦዲያ ሰዎቿን አልቀበል አለች ተብላ አሜሪካ ቪዛ በመገደብ ቀጣቻት፤ ኤርትራም በዚያው ሰሞን ተቀጥታለች። ከተላኩት ውስጥ ታይላንድ ካምፕ ተወልደው ካምቦዲያን በዓይናቸው ያላዩ አሉ። ዋና ከተማዋ ፕኖም ፔን ሲደርሱ አገራቸው የተባለው ለእነሱ ባዕድ ነው።

ሕጉ ለካምቦዲያውያን ብቻ አይደለም፤ ግሪን ካርድ የያዘ ሐበሻንም ይመለከታል። ካምቦዲያውያኑ የአሜሪካ ዜግነት ቢወስዱ ኖሮ ይሄ ሁሉ አይነካቸውም ነበር፤ ብዙዎቹ ወላጆች ግን እንግሊዝኛው ከብዷቸው ሳይወስዱ ቀሩ፣ ልጆቹም ግሪን ካርድ ላይ ቆሙ።

መውጫው ጠባብ ነው። አንዱ የስቴት ገዥ ምሕረት ነው። የካሊፎርኒያ ገዥዎች ጄሪ ብራውንና ጋቪን ኒውሰም ዲፖርት ሊደረጉ ለነበሩ አንዳንድ ካምቦዲያውያን ምሕረት አድርገዋል። ምሕረቱ የሚባረርበትን ምክንያት ሊያነሳው ይችላል፣ የማባረሩን ትእዛዝ ለማሰረዝ ግን ሰውየው እንደገና ኢሚግሬሽን ፍርድ ቤት መከራከር አለበት።